የመምህሩ በረሮዎችና የእኔ ጋን

በፍኖተ ሰላም ከተማ «የበረሮዋ ሴትዮ» ሲባል የሰማችሁ ካላችሁ እኔ ነኝ። ስሜ አቻምየለሽ ነው። ሃያ ሁለት ዓመት ጠላ ጠምቄ፣ ሁለት ልጅ ድሬ፣ ባሌን ቀብሬ፣ ከማንም ጋር ሳልካሰስ ኖሬ ኖሬ በመጨረሻ የወጣልኝ ስም ይኸ ሆነ። የሚሉት ታዲያ ጀርባዬን ስሰጥ ነው፤ ፊት ለፊቴ የሚል እስካሁን አልተወለደም። ወሬው በየጠላ ቤቱ እየተጣመመ ከሚሄድ የሆነውን እኔው ልንገራችሁ። የሚያፍር ካለ እሱ ይፈር።

ነገሩን ያመጣብኝ ተከራዬ ነው። መምህር ወንዳወቅ ይባላል፤ የሽንዲ ሰው ነው። እዚሁ ከተማ ሁለተኛ ደረጃ ባዮሎጂ ያስተምራል። ቀጭን፣ ዝምተኛ፣ ሲቆጡት አንገቱን ደፍቶ «እሺ እትዬ» የሚል ሰው ነው። እኔ ደግሞ እንዲህ ያለ ሰው ያናድደኛል። ሰው ሲቆጡት ይቆጣ እንጂ! አለዚያማ ከግድግዳ ጋር መጣላት ነው። ከጓሮ ያለችውን ክፍል ተከራይቶ አራት ዓመት ሲኖር ተጣልተን አናውቅም፤ በእሱ ምክንያት ማለቴ ነው እንጂ በእኔ በኩልስ በየሳምንቱ ተጣልቼዋለሁ።

ያን ዓመት መስከረም ጠባ፣ ትምህርት ቤቱ ግን አልተከፈተም። መንገዱ ዛሬ ተከፈተ ሲሉት ነገ ይዘጋል፣ ስልኩ ይጠፋል። ምክንያቱን አገር ያውቀዋል፤ እኔ የማወራው ስለ በረሮ ነው። አንድ ቀን ከሰዓት በኋላ ዝናቡ እየወረደበት መምህር ማዳበሪያ የተከናነበ ትልቅ ሳጥን ታቅፎ በሩን በትከሻው ገፍቶ ገባ። መጽሐፍ መስሎኝ ልረዳው ሄድኩ። ማዳበሪያውን ገለጥ ባደርገው የመስታወት ሳጥን ነው፤ ውስጡ እንደ ጣቴ የሚረዝም፣ ቀይ ዳማ በረሮ እርስ በርሱ ይተራመሳል።

«በስመ አብ! መምህር! ምንድን ነው ይኸ?»

«በረሮ ነው እትዬ።»

«በረሮ መሆኑንማ ዓይኔ ያያል! እኔ ቤት ምን ሊሠራ መጣ ነው የምልህ!»

የትምህርት ቤቱ ቤተ ሙከራ ሊቆለፍ ነው፣ የሚያያቸው ሰው የለም፣ በሳምንት ውስጥ ያልቃሉ አለኝ። «ይለቁዋ!» አልኩት። ሰው ልጆቹን የሚያበላው ባጣበት ዓመት በረሮ ቀላቢ ልሁን እንዴ? እኔ በረሮ ሳሳድድ የኖርኩ ሴት ነኝ። ጫማዬን አውልቄ ነው የማናግራቸው።

ሰውዬው አልተቆጣም፤ ማስረዳት ጀመረ። የእኛ አገር ማድ ቤት ውስጥ ያለው በረሮ ትንንሽ ስለሆነ ለዚህ አይሆንም አለኝ። የእነዚህን ዘር፣ የመጀመሪያዎቹን አሥራ አንዱን፣ ባሕር ዳር ሲማር ከፍሳሽ ጉድጓድ ለቅሞ ነው ያመጣቸው። አራት ዓመት አራብቷቸዋል። አንዳንዶቹ ጀርባ ላይ በጥፍር ቀለም ነጥብ አድርጎባቸዋል፤ የማን ልጅ ማን እንደሆነ የሚያውቅበት መሆኑ ነው። ተማሪዎቹ ከካርቶን መንገድ ይሠሩላቸዋል፤ በአንድ በኩል ብርሃን፣ በሌላው ጨለማ፣ በአንዱ ምግብ። የትኛውን እንደሚመርጡ፣ በስንት ሰከንድ እንደሚደርሱ፣ በማግስቱ መንገዱን አስታውሰው እንደሆነ ይጽፋሉ።

«ከቋሪት፣ ከየገጠሩ የሚመጡ ልጆች ናቸው እትዬ» አለኝ። «ማይክሮስኮፕ የለን፣ ምን የለን። ሰሌዳ ላይ ሥዬ ባስተምራቸው ሥዕሉን ነው የሚያውቁት። በዓመት አንዴ በእጃቸው የሚይዙት ሕይወት ያለው ነገር ይኸ ብቻ ነው። የፈዘዘ፣ የታመመ በረሮ ደግሞ አይረባም፤ መሮጥ አለበት። ትምህርት ቤቱ ሲከፈት ልጆቹ ያጡት ዓመት ይበቃቸዋል፤ ይኸንንም ማጣት የለባቸውም። መንገዱ በዚህ ሁኔታ እያለ ሌላ በረሮ ከየት አመጣለሁ?»

ምን ትሉታላችሁ? እኔስ ምን እለዋለሁ! «አንዲት በረሮ ከክፍልህ ብትወጣ አንተም አብረሃት ትወጣለህ» ብዬው ገባሁ።

አልወጡም። እውነቱን ልናገር፤ ከሰው ልጆች ይልቅ የእሱ በረሮዎች ሥርዓት ነበራቸው። የሳጥኑን አፍ ከውስጥ በቫዝሊን ይቀባዋል፤ ሲወጡ ያዳልጣቸውና ይመለሳሉ። ግን ኅዳር ገባና ብርዱ መጣ። መስታወቱ እንደ በረዶ ይሆናል። በረሮዎቹ አንድ ጥግ ተከማችተው ቢነኳቸውም አልሮጥ አሉ። መምህርም እንደነሱ ጥግ ይዞ ይቀመጣል። አንድ ጠዋት ማድ ቤቴ በር ላይ መጥቶ ቆመ።

«እትዬ፣ ያቺ የተሰነጠቀች ጋን አለች አይደል?»

«አለች። ምነው?»

«ጠላ አይጠመቅባትም አይደል?»

ገባኝ። ጭልፋዬን ወረወርኩ፤ በእሱ ላይ አይደለም፣ መሬት ላይ። ጠላ ሻጭ ጋኗን ለበረሮ ሰጠች ቢባል ማን ይጠጣልኛል? የእኔ ጋን ሽታ በዚህ ሰፈር የታወቀ ነው! በግራዋ ታጥቦ በወይራ ታጥኖ፣ ጠላው ሳይቀዳ ሽታው ያጠግባል። እንዲህ ብዬ ብዬ፣ ተናግሬ ተናግሬ፣ ከሰዓት በኋላ ራሴው ጋኗን አንከባልዬ ከምድጃው ጀርባ ካለው ግድግዳ ጋር አስጠጋኋት። የምድጃው ሙቀት እዚያ ድረስ ይመጣል። እሱ ደግሞ መጥቶ ያለ ምንም ድጋፍ ሊያቆማት ይታገላል፤ «ጋን በጠጠር ይደገፋል ሲባል አልሰማህም? ዩኒቨርሲቲው ምን አስተማረህ!» ብዬ ድንጋይ ወተፍኩላት። የእንቁላል ካርቶን እየደራረበ ከተተላቸው፣ አፏን ከውስጥ ቫዝሊን ቀባ፣ በአጎበር ቁራጭ ከድኖ በጎማ ላስቲክ አሰረው። በሁለት ቀን ውስጥ ሲንኮሻኮሹ ከማድ ቤት ይሰማኝ ጀመር።

ታኅሣሥ መግቢያ ላይ ከሽንዲ ሰው መጣ፤ አባትህ ታመዋል ተባለ። መምህር «አንድ ሳምንት ብቻ ነው እትዬ» ብሎ አንዲት ወረቀት ሰጠኝና ወደ ቡሬ በሚሄድ መኪና ተሳፈረ። ወረቀቱን ቆሜ አነበብኩት። ውኃ በሣህን እንዳይሰጧቸው፣ ይሰምጣሉ፤ ጥጥ አርጥበው ያስቀምጡ። ምግብ ፉርሽካና የሙዝ ልጣጭ፣ የተረፈውን በማግስቱ ያውጡ፣ ይሻግታል። የሞተ ካለ ያንሱ። ይኸ ሁሉ መልካም። ከታች ምን ብሎ ቢጨምርበት ጥሩ ነው? «ካልገባዎት ለሰው ያስነብቡ።»

ያስነብቡ! ወይ ጉድ! እኔ ቋሪት ገበዘ ማርያም ስድስተኛ ክፍል ከስልሳ ሦስት ልጅ አንደኛ የወጣሁ ሴት ነኝ። ሳይንስ ከመቶ ዘጠና ስድስት። ካርዴን ይዤ ቤት ስገባ አባቴ ከሽማግሌ ጋር ተቀምጦ ነበር፤ የመጡት እኔን ሊጠይቁ ነው። ካርዱን ያየልኝ ሰው የለም። በጥር ተዳርኩ። ባሌ መጥፎ ሰው አልነበረም፣ ነፍሱን ይማረውና፤ እኔ ግን የዚያን ቀን ንዴት እስከ ዛሬ አልወጣልኝም፣ እንዲወጣልኝም አልፈልግም። ወረቀቱን ጠቅልዬ ደረቴ ውስጥ ከተትኩና «ቆይ፣ ያልገባው ማን እንደሆነ እናያለን» አልኩ።

ሳምንቱ አለፈ። ወሩ አለፈ። ከቡሬ ወዲያ ያለው መንገድ ተዘጋ፣ ስልክ ጠፋ። አባቱ ይሙቱ ይዳኑ የሚያውቅ የለም። እኔና በረሮዎቹ ቀረን።

መጀመሪያ የማደርገውን ሁሉ የማደርገው እየተሳደብኩ ነበር። ጠዋት አጎበሩን ስፈታ «እናንተ የሰይጣን ከብቶች፣ ተነሡ!» እላለሁ። ጥጡን እያረጠብኩ እረግማቸዋለሁ። ግን ሰው በየቀኑ የሚያየውን ነገር ሳያውቀው አይቀርም። ወረቀቱ ላይ ያልተጻፈ ብዙ ነገር አየሁ። አንድ ቀን ወተት የመሰለች ነጭ በረሮ አገኘሁና ለምጥ ያዛት፣ ሌሎቹን ታጋባለች ብዬ ለይቼ በብርጭቆ አስቀመጥኳት። ከሰዓት በኋላ ባያት እንደ ሌሎቹ ቀይ ሆናለች! ለካ ቆዳዋን ቀይራ ነው። ከዚያ በፊት ሁለቱን «የታመሙ» ብዬ ለዶሮ ሰጥቼ ነበርና ስለነሱ ራሴን ስረግም ዋልኩ። በማግስቱ እርሳስ ፈልጌ በመምህሩ ወረቀት ጀርባ ላይ ጻፍኩት። «ነጭ ሲሆኑ አትንኩ። ቆዳ ቀይረው ነው። ወገኖቻቸው ይነክሷቸዋልና መደበቂያ ካርቶን ይብዛ።»

የጥር ብርድ ሲብስ ፈዘዙብኝ። ምድጃው ጠዋት ጠዋት ይቀዘቅዛል፣ እነሱም እሳቱ እስኪነድ አይንቀሳቀሱም። ድንጋይ አግዬ፣ በጨርቅ ጠቅልዬ ከጋኗ ሥር አደረግሁ። ከጎን ሲሆን ነው የሚሻለው፣ ከሥር ሲሆን ካርቶኑን ያደርቀዋል፤ ይኸንንም ጻፍኩ። አንድ ጊዜ ከቡሬ ከመጣ በቆሎ ያስፈጨሁት ዱቄት ነበረኝ፤ ቆንጠር አድርጌ ልሰጣቸው ስል አፍንጫዬ የነቀዝ መድኃኒት ሸተተው። ነቀዝ የሚገድል በረሮ አያኖርም ብዬ ደፋሁት። ማን ነገረኝ? ማንም! ወረቀቱ ላይ አለ? የለም! እንቁላሏን እንደ ባቄላ ፍሬ ከኋላዋ አንጠልጥላ የምትዞረውን እያየሁ መቼ እንደምትጥለው፣ ከጣለች በስንት ቀን ትንንሾቹ እንደሚወጡ ቆጠርኩ። በመጋቢት የወረቀቱ ጀርባ ሞላና ከካላንደር ላይ ቅጠል ገነጠልኩ።

የጎረቤቴን የቻይነሽን ነገር ደግሞ ስሙ። ቻይነሽ አጥር ተጋሪዬ ናት፤ ሠላሳ ዓመት አብረን ኖረናል፣ ጠላ አብረን ጠምቀናል፣ ምላሷ ግን ከመርፌ ይሾላል። በየካቲት የማርያም ማኅበር የእኔ ተራ ደረሰ። ሴቶቹ መጡ፣ ተቀመጡ፣ ጠላዬን በያሉበት አስቀምጠው ይተያያሉ። አንዷም አትጎነጭም! «ምን ሆናችሁ?» ብል ቻይነሽ ናት የመለሰችው።

«አቻምየለሽ፣ አይክፋሽና፣ ማድ ቤትሽ ውስጥ በጋን ነገር ቀብረሻል ይባላል። መተት ነው የሚሉም አሉ። እኔ አላመንኩም። ግን ጋንሽ ይሸታል።»

መተቱን ተዉት። መተት ያለኝ ሰው ይሳቅበት ብዬ ዝም እል ነበር። «ጋንሽ ይሸታል» ስትለኝ ግን ደሜ ፈላ። ለጠላ ሻጭ ከዚህ የከፋ ስድብ የለም። ተነሥቼ ማድ ቤት ገባሁ፣ ጋኗን በሁለት እጄ አቅፌ እየጎተትኩ መጥቼ መሐላቸው አቆምኳትና አጎበሩን ፈታሁት። «ይኸውላችሁ መተቴ!» አልኩ። አንዱ ትልቁ፣ ጀርባው ላይ ቢጫ ነጥብ ያለው፣ ካርቶኑ ጫፍ ላይ ወጥቶ ቀንዶቹን አወዛወዘ። ወይ ጩኸት! ቻይነሽ መደብ ላይ ዘላ ወጣች። አቤት የሮጡት አሯሯጥ! የማኅበሩ ዳቦ ሳይቆረስ ሴቶቹ ግማሾቹ ደጅ ወጡ። እኔም ስሳደብ፣ ስስቅ፣ ስሳደብ ዋልኩ። ሲመሻሽ ግን ብቻዬን ሆኜ ጋኗ አጠገብ ተጎንብሼ አሸተትኩ። እውነቷን ነው፤ ትሸታለች። ይኸ ቃል ከዚያ ቀን ጀምሮ እንደ እሾህ ተሰነቀረብኝ።

ከዳግማይ ትንሣኤ በኋላ የትምህርት ቤቱ ዘበኛ አያ ይርሳው ጠላ ሊጠጡ መጥተው፣ «ሰኞ ሊከፈት ነው» አሉኝ። ስልኩም በዚያው ሰሞን ተመለሰና ዓርብ ዕለት መምህር ደወለ። አባቱ በጥር ማረፋቸውን ነገረኝ። ነፍስ ይማር አልኩት፤ አለቀስኩለትም። ከዚያ፣

«እትዬ… መጠየቅም አፈርኩ። አሉ?» አለኝ።

«ማን?»

«በረሮዎቹ።»

«አሉ» አልኩት። «ትተሃቸው የሄድከው ዘጠና አራት ነው። ዛሬ መቶ ሰባ ሁለት ናቸው። ቢጫው ነጥብ አለ። አጎበሩን ስከፍት የሚሮጡትን ብታይ ዓይንህ አይከተላቸውም።»

በስልኩ ውስጥ ሳቁ ይሁን ልቅሶው ለየሁት አልልም። «ሰኞ ለአሥራ ሁለተኛ ክፍሎቹ የመጀመሪያው ክፍለ ጊዜ የእኔ ነው» አለ። «መጽሐፍ አልገልጥም። በረሮዎቹን ነው የምሰጣቸው። ዓመቱን ሙሉ ቤት የተቀመጠ ልጅ መጀመሪያ የሚሮጥ ነገር ይይ።» እሑድ ከሰዓት እደርሳለሁ አለኝ።

እንግዲህ አሁን ወደ ጥፋቴ መጣሁ። ማንም አላሳሳተኝም፣ ማንም አላዘዘኝም።

ቅዳሜ ጠዋት ጋኗን አየኋት። ሰኞ አያ ይርሳው በጋሪ ሊወስዷት ነው። መምህራን ሊያዩዋት፣ ርእሰ መምህሩ ሊጠጋት፣ ስልሳ ልጅ አፉን ሊያስጠጋባት ነው። «የማን ጋን ናት?» ሲባል «የአቻምየለሽ» ሊባል ነው። በዚያ ሽታ? እኔ? ዕቃዬ ከቤቴ ሲወጣ ሸቶ አያውቅም! በረሮዎቹን ከነካርቶናቸው ጠርዙ ቫዝሊን የተቀባ ባልዲ ውስጥ አሰፈርኳቸው፤ አንዱም አላመለጠኝም፣ እጄ ለምዷል። ጋኗን ወደ ጓሮ አወጣሁና በአንድ እቅፍ ግራዋ አሸት አሸት አድርጌ አጠብኳት፤ ውኃው አረንጓዴ እስኪሆን፣ አረፋ እስኪደፍቅ። ከዚያ የወይራ ፍልጥ አቀጣጥዬ፣ ነበልባሉን አጥፍቼ፣ ጋኗን በአፏ ደፋሁበት። ጭሱን ጠጥታ ጠጥታ፣ ትርፉ በስንጥቁ መውጣት ሲጀምር አነሣኋት። አቤት ሽታዋ! ለሠርግ ጠላ እንኳ እንዲህ አጥኜ አላውቅም።

ጠላ ሲጠመቅ ጋኑ ከታጠነ በኋላ ጭሱ ሳይወጣ ነው ጥንስሱ የሚገባው። አፉም ወዲያው በጨርቅ ይጠፈነጋል። ሃያ ሁለት ዓመት እጄ የሠራው ይኸን ነው። እጄ የሚያውቀውን አደረገ። ካርቶኖቹን ከነበረሮዎቹ በጭሱ ላይ ከተትኩ፤ አጎበሩም ስላደፈ ለማጠብ ውኃ ውስጥ ነክሬው ነበርና አፏን በንጹሕ ጨርቅ ጠፍንጌ አሰርኩት። ደስ ብሎኝ ውዬ፣ ደስ ብሎኝ አደርኩ።

እሑድ ከቤተ ክርስቲያን ስመለስ ነጠላዬን ሳላወልቅ ጨርቁን ፈታሁ። የሚሮጥ የለም። ብርድ ነው ብዬ ጋኗን መታ መታ አደረግኋት። ካርቶኑን ሳነሣው ረገፉ። ሁሉም በጀርባቸው ተኝተዋል፣ እግሮቻቸው ወደ ሰማይ ነው። ትልልቁም፣ ትንንሹም፣ ነጯም። ቢጫው ነጥብ ከታች ነበር። አንድ በአንድ እያነሣሁ በገለባ ነካካኋቸው፤ አንድ እንኳ የሚንቀሳቀስ አጣሁ። መቶ ሰባ ሁለት።

ጩኸቴን ሰምታ ቻይነሽ አጥሩን ዘልላ መጣች። አየች፣ ጋኗን አሸተተች፣ ገባት። «አወቅሽ አወቅሽ ቢሏት የባሏን መጽሐፍ አጠበች» አለችኝ።

ከዚህ ግቢ ውጪልኝ አልኳት፤ ወጣች። ግን ተረቱ ትክክል ስለሆነ ነው የተናደድኩት።

መምህር አቧራ ለብሶ፣ ራሱን በሐዘን ተላጭቶ፣ ዘጠኝ ሰዓት ላይ ገባ። ሳይቀመጥ ነገርኩት። «ገድያቸዋለሁ» አልኩ። «በግራዋ አጥቤ፣ በወይራ አጥኜ፣ አፍኜ ገደልኳቸው። አንድም አልቀረም።» ሄዶ አያቸው። ጋኗ አጠገብ ተንበርክኮ ብዙ ቆየ። እንዲሰድበኝ ጠበቅሁ፤ ጋኗን በርግጫ ቢሰብራት እንኳ አልናገርም ነበር። ሰውየው ተነሣና በዚያች ቀጭን ድምፁ፣

«አይዘኑ እትዬ» አለኝ። «እርስዎ አያውቁም። ጥፋቱ የእኔ ነው፤ ለማያውቅ ሰው ጥዬ መሄዴ።»

ከራስ ፀጉሬ እስከ እግር ጥፍሬ ነደድኩ።

«አላውቅም?» አልኩት። ወረቀቱን ከደረቴ መዝዤ አወጣሁ፤ የእሱን ወረቀት ከነጀርባው፣ የካላንደሩንም አራት ቅጠል። ፊቱ ላይ ዘረገፍኩለት። «አንብብ! ካልገባህ ለሰው አስነብብ! ነጩ ምን እንደሆነ አንተ ጽፈሃል? የነቀዙን መድኃኒት አንተ ነግረኸኛል? አምስት ወር ሙሉ ያኖራቸው የማያውቅ ሰው ነው? ግራዋ ትል እንደሚገድል አውቃለሁ፤ በልጅነቴ ለጥጃ ጨምቄ አጠጥቻለሁ! ጭስ ንብ እንደሚያፈዝ አውቃለሁ፤ አባቴ ባለ ቀፎ ነበር! ሁሉንም አውቃለሁ፤ ለስሜ፣ ለጋኔ ሽታ ብዬ ነው ያላሰብኩት! የሚያውቅ ሰው ነው ያጠፋብህ! እንደሚያውቅ ሰው ተቆጣኝ!»

ወረቀቶቹን አነሣ። ቆሞ ማንበብ ጀመረ። አንዱን ገልብጦ ሌላውን፣ እንደገና የመጀመሪያውን። ፊቱ እየቀላ ሄደ። ከዚያ መምህር ወንዳወቅ ጮኸ። በአጥሩ ማዶ ቻይነሽ የሰማችው ጩኸት ነው።

«ታዲያ ይኸን ሁሉ እያወቁ! ለሽታ ብለው! አራት ዓመት! ልጆቹ ነገ ሁለት ሰዓት ላይ ሲመጡ ምን ልበላቸው? ዓመት የጠበቁትን ምን አድርጌ ላሳያቸው? ሥዕል? እንደገና ሥዕል?» ድምፁ ተሰበረ፤ ግን አላቆመም። «እኔ አልነግራቸውም! እርስዎ ይነግሯቸዋል! ያጠፋ ራሱ ቆሞ ይናገር! ነገ ይመጣሉ!»

«እመጣለሁ!» አልኩ እኔም እየጮህኩ።

ሰኞ ጠዋት ከአያ ይርሳው ጋሪ ኋላ ኋላ፣ ጋኗን ተከትለን ሄድን። ክፍሉ ውስጥ ስልሳ አንድ ልጅ አለ። ያደጉ፣ የከሱ፣ ዓይናቸው ጋኗ ላይ የተተከለ። መምህር ሰሌዳው ላይ ቀን ጻፈ፣ ወደ እኔ አመለከተና ከኋላ ወንበር ላይ ሄዶ ተቀመጠ። ከልጆቹ ፊት ቆምኩ። ንዴቴን ጠራሁት፤ መጣልኝ።

«ስሙኝ» አልኩ። «መቶ ሰባ ሁለት ነበሩ። ይሮጡ ነበር። የገደልኳቸው እኔ ነኝ። እንዴት እንደኖሩና እንዴት እንደገደልኳቸው እነግራችኋለሁ። ጻፉ!»

ደብተሩ ሁሉ ተገለጠ። ነገርኳቸው። የሞቱትን በሣህን እያዞርኩ አሳየሁ፤ ነጯን፣ እንቁላሏን እንዳንጠለጠለች የሞተችውን። ከፊት የተቀመጠች ውዳሴ የምትባል የቋሪት ልጅ፣ «እትዬ፣ ጭሱ ነው ወይስ ግራዋው የገደላቸው?» ብላ ጠየቀችኝ። አላውቅም አልኳት። ያን ቃል ስናገር በሕይወቴ ለመጀመሪያ ጊዜ አላፈርኩበትም። አንዱ ልጅ ለየብቻ መሞከር ነበረበት አለ፤ ሌላው ጨርቁ ነው፣ አየር አጥተው ነው አለ፤ ተከራከሩ፣ እኔም ተከራከርኳቸው፣ ጠረጴዛ መታሁ።

ደወሉ ተደወለ። መምህሩን አየሁት። ፊቱ እንደ ትናንቱ የተቆጣ ነው፤ አልበረደለትም፣ ዛሬም ድረስ አልበረደለትም። እጁን አንሥቶ፣

«አልጨረሱም» አለኝ። «ይቀጥሉ።»

ቀጠልኩ።